ሻምበሉ የጠየቀን ተራራ

ማልሃ በዚያ ፈተና ስታሸንፈኝ አንጀቴ ነው ያረረው። ዘጠኝ ዓመቴ ነበር። የፈረንሳይን ተራሮች ከነቁመታቸው በቃሌ የምወርደው እኔ፣ ሽልማቱን ጉያዋ ውስጥ ሸጉጣ የወጣችው እሷ። ወደ ቤት ስሄድ መንገድ ላይ ያገኘሁትን ድንጋይ ሁሉ እየጠለዝኩ፣ ሁለተኛ አላናግራትም ብዬ እየማልኩ ነበር። ዛሬ ሰባዎቹን ይዣለሁ፤ ቁጣውም አብሮኝ አርጅቷል። ያን ጊዜ በማን ላይ መቆጣት እንደነበረብኝ ለማወቅ ግን ግማሽ ዕድሜዬን ፈጅቶብኛል።

ትምህርት ቤታችን ከመንደሩ ግርጌ፣ ከጦር ሰፈሩ አጥር ጋር የተለጠፈ አንድ ክፍል የቆርቆሮ ቤት ነበር። መምህራችን ሙሴ ቬርኒየ የፈረንሳይ ጦር ወታደር ነው፤ ጺሙ ገና በቅጡ ያልበቀለ፣ ሲያፍር ጆሮው የሚቀላ ልጅ እግር ወታደር። ጠመንጃውን ጥግ ያስደግፍና ጠመኔውን ያነሳል። ግድግዳው ላይ የፈረንሳይ ካርታ ተሰቅሏል። በመስኮቱ በኩል የኛው ተራራ ጁርጁራ ከነበረዶው ከነደመናው ተገትሮ ይታያል። እኛ ለጁርጁራ ጀርባችንን ሰጥተን ካርታው ላይ ያለውን ቡናማ ቀለም እናጠናለን።

«ፈሩጃ፣ በፈረንሳይ ፒሬኔ ትልቁ ጫፍ?»

«ቪንማል፣ ሙሴ። ሦስት ሺህ ሁለት መቶ ዘጠና ስምንት ሜትር።»

«በአልፕስ?»

«ሞን ብላን፣ ሙሴ።» ቁመቱን ሳይጠይቀኝ እጨምርለታለሁ።

ዓይቼው የማላውቀውን ተራራ እንደ ዘመድ ነበር የምጠራው። አባቴ ፈረንሳይ አገር፣ ሊዮን ከተማ፣ ብረት ማቅለጫ ውስጥ ነው የሚሠራው፤ አንድ ተራራ ባወቅኩ ቁጥር ወደ እሱ አንድ እርምጃ የተጠጋሁ ይመስለኝ ነበር።

ማልሃ አጠገቤ ነው የምትቀመጠው። ትምህርት አይገባትም። ሞን ብላን የት ነው ስትባል ወደ መስኮቱ ትዞራለች፤ ክፍሉ ይስቃል፣ እኔም እስቃለሁ። እናቷ እሷን ስትወልድ ነው የሞተችው። አባቷ በላዒድ የመንደሩን ፍየሎች ጁርጁራ ላይ ያግድ ነበር፤ ከአያቷ ጋር አልቀርም ብላ ስታለቅስበት ጊዜ ይዟት ይወጣል። እዚያው ነው ያደገችው ማለት ይቻላል። ኋላ የነፃነቱ ጦርነት ሲጀመር የፈረንሳይ ጦር ተራራው ላይ መውጣት ከለከለ። ፍየሎቹ ተሸጡ፤ በላዒድም «ፈረንሳይ ሄደ» ተባለ።

ያን ጊዜ በኛ መንደር ወንድ ሁሉ ፈረንሳይ ነበር። የኔ አባት ደብዳቤ ይልካል። የማልሃ አባት ምንም አይልክም።

«ረስቶሽ ነው» እላታለሁ።

«ሥራ በዝቶበት ነው» ትለኛለች።

እናቴ በሳምንት ሁለት ቀን ለሠርግ የሚበቃ ቂጣ ትጋግራለች። ጠዋት ስነሣ ቂጣው የለም። የት ሄደ ስላት «ለውሾቹ ሰጠኋቸው» ትለኛለች፤ እኔም አምኜ የደረቀ በለሴን በዘይት እያጠቀስኩ እበላለሁ። በመንደራችን አንድም ውሻ አልነበረም። ከተራራው በጨለማ የሚወርዱትን የነፃነት ተዋጊዎች ጮኸው እንዳያጋልጡ ሁሉም ተገድለው አልቀዋል። ይህን የተረዳሁት ካደግኩ በኋላ ነው። ልጅ ሳለሁ የሌለ ውሻ ያን ሁሉ ቂጣ ሲበላ አንድም ቀን አልገረመኝም።

የጦር ሰፈሩ ሻምበል የመጣው የጁርጁራ በረዶ መቅለጥ በጀመረበት ሰሞን ነው። ከምሳ በኋላ በሩን በእግሩ ገፋ አድርጎ ገባ። ሰማያዊ ቆብ አድርጓል፤ ቋንቋችንን ካቢልኛን ከኛ አንዱ እስኪመስል ድረስ ይናገረዋል። «ማነው ደግሞ ዛሬ አፍንጫውን ሳይጠርግ የመጣው?» አለና ገና ሲገባ ክፍሉን በሳቅ ገደለው። ጠረጴዛው ላይ አንድ ሳጥን የቀለም እርሳስና አንድ ትልቅ ቸኮላት አስቀመጠ።

«የተራራ ፈተና ነው። ያሸነፈ ይወስዳል።»

ሙሴ ቬርኒየ ጥያቄዎቹን ከወረቀት ላይ ያነብ ጀመር። ከወረቀቱ ቀና ብሎ አያየንም። አለቃው ስለመጣበት ፈርቶ ነው ብዬ አዘንኩለት፤ ላኮራው ስልም ከሁሉም ቀድሜ እጄን አወጣሁ። ሞን ብላን አልኩ። ቪንማል አልኩ። የቮዥንም የዡራንም ጫፍ ጠራሁ። ሻምበሉ አጨበጨበ፤ «አንቺ ልጅ፣ ሙሴን አስነሥተሽ አንቺ አስተምሪ» አለኝ። እርሳሶቹን በዓይኔ አንድ በአንድ ወሰድኳቸው።

ከዚያ መጽሐፉን ከፊቴ አንሥቶ ዘጋው።

«ይሄ የመጽሐፍ ነው። ተራራ አውቃለሁ የሚል ሰው የደጁንም ማወቅ አለበት» አለና መስኮቱን ከፈተ። «ያቺ ከሁሉ የምትበልጠው ማናት?»

«ላላ ኸዲጃ» አልን በአንድ ድምፅ።

«ከእሷ በስተግራ፣ እንደ ተሸረፈ ጥርስ የቆመውስ?»

ማልሃ ትምህርት ከገባች ለመጀመሪያ ጊዜ እጇን አወጣች።

«የጭልፊት ድንጋይ ነው የሚባለው።»

«ጎበዝ። እዚያ ላይ ሰው ውኃ ቢጠማው ምን ይውጠዋል?»

«ዋሻው ውስጥ ውኃ አለ። ይንጠባጠባል። አባቴ ከሥሩ ጎድጓዳ ድንጋይ አስቀምጦለታል፤ በበጋም አይደርቅም።»

«እኔ በመነጽር ስንት ጊዜ አይቼዋለሁ። ዋሻ የሚባል ነገር የለም። እየዋሸሽኝ እንዳይሆን?»

ማልሃ ውሸታም መባል አትወድም። ከወንበሯ ተነሣች። «አልዋሸሁም። ከታች አይታይማ። ከዝግባው ጀርባ ይዞሩና በእንብርክክ ነው የሚገቡት። እርስዎ ረጅም ስለሆኑ ቆቡን ያወልቃሉ።» ይህን ብላ መሬት ላይ ተንበርክካ፣ አንገቷን ቀብራ፣ እንዴት እንደሚገባ አሳየችው። ክፍሉ በሳቅ ፈረሰ። ሻምበሉም እንባው እስኪመጣ ሳቀ።

እኔ ብቻ አልሳቅኩም። «ሙሴ፣ ይሄ እኮ መጽሐፉ ላይ የለም» አልኩ።

«ዝም በይ» አለኝ ሙሴ ቬርኒየ። እንደዚያ ያለ ድምፅ ከእሱ ሰምቼ አላውቅም። ሻምበሉ ሽልማቱን አንሥቶ ለማልሃ ሰጣት።

ከትምህርት ቤት ወደ መንደሩ የሚያወጣው መንገድ በመንደሩ ባለ ሱቅ፣ በአክብሮት ሲ ሉኒስ በምንለው ሰው ሱቅ ፊት ያልፋል። ሲ ሉኒስ ሱቁ ደጃፍ ላይ ቆሟል፤ ሴቶች ከምንጭ ውኃ ቀድተው የሚመለሱበት ሰዓት ነው፤ እናቴም አለች። ሲ ሉኒስ ማልሃን ሲያይ ፊቱ በራ።

«የኔ ልጅ፣ ምን ተገኘ? ከየት ነው ይሄ ሁሉ?»

«ሻምበሉ ነው የሸለመኝ፣ ሲ ሉኒስ። ፈተናውን አልፌ።»

«እንዲህ ነው እንጂ። ምን ጠየቀሽና ነው? ጮክ ብለሽ ንገሪን፣ እናቶችሽም ይስሙልሽ።»

ማልሃም ጮክ ብላ ነገረችው። የጭልፊት ድንጋዩን፣ ውኃውን፣ ዝግባውን። ተንበርክካም አሳየችው። እኔ ዳር ቆሜ፣ ያ ሰው እኔን አንድ ቀን እንኳ እንዲህ አሞግሶኝ አያውቅም እያልኩ እቃጠል ነበር። አንዲት ሴት እንስራዋን መሬት አወረደች። እናቴ ክንዴን ይዛ እየጎተተችኝ ሄደች። ሴቶቹም እንደኔ ቀንተው ነው ብዬ አሰብኩ። ሲ ሉኒስ ከኋላችን ራሱን እየነቀነቀ «አይ የልጅ ነገር» ሲል ሰማሁት።

ጥቂት ቆይቶ የማልሃ አያት ንና ዳህቢያ የእንጨት መሸከሚያ ገመዷን ይዛ ወደ ተራራው መንገድ ስትሮጥ አየኋት። ደጃፏ ላይ እንጨት ተከምሯል። አሮጊት እንዲያ ስትሮጥ አይቼ ስለማላውቅ ሳቄ መጣ። ኬላው ላይ ያሉት ወታደሮች መለሷት። ስትመለስ ለእናቴ «ከጠዋት ጀምሮ ዝግ ነው አሉኝ» አለቻት፤ ሁለቱም ግድግዳ ይዘው ቆሙ።

ከጠዋት ጀምሮ። እኛ የተፈተንነው ከምሳ በኋላ ነው። ይህችን ነገር ሰምቻታለሁ፤ ልብ ሳልላት ግን ዓመታት አለፉ።

በማግስቱ ሄሊኮፕተሮች በራሳችን ላይ አልፈው ወደ ጁርጁራ ሄዱ። እኔ ጣሪያ ላይ ወጥቼ አያለሁ። መልሷን ሊያርሙ ነው የሄዱት አልኩ። ሻምበሉ ዋሻውን ሊያይ፣ ውኃው እውነት መኖሩን ሊያረጋግጥ። እንዳይኖር ብዬ ጸለይኩ። ማልሃ ተሳስታ እርሳሶቹ ለኔ እንዲሰጡኝ ዓይኔን ጨፍኜ ጫፉ በስሟ የተጠራላትን ቅድስት፣ ላላ ኸዲጃን ለመንኩ። ተራራው ላይ ቦምብ ሲፈነዳ የቤታችን ድስቶች ተንኳኩ። እናቴ ጓዳ ውስጥ ፊቷን በሻርፕ ሸፍና ተቀምጣ ነበር፤ ራሷን አሟት ነው ብዬ አልፌያት ወጣሁ።

ወታደሮቹ ዋሻው ውስጥ የተገደሉትን በበቅሎ ጭነው አወረዷቸው። ሽማግሌዎች የሚሰበሰቡበት ታጅማዕት መሐል፣ ከድንጋይ መደቦቹ ፊት ለፊት፣ በተርታ አጋደሟቸው። ሰባት ነበሩ። መንደሩ በሙሉ በሰልፍ በፊታቸው እንዲያልፍ ታዘዘ፤ ያለቀሰ ሰው ዘመዱ ነው ተብሎ ይወሰዳል። ስለዚህ ማንም አላለቀሰም። እናቴ ጥፍሯን መዳፌ ውስጥ ቀብራ፣ ዓይኗን ጫማዬ ላይ ተክላ አለፈች። ጎረቤታችን ዳ አርዝቂ ከሰባቱ አንዱ የሆነውን የገዛ ወንድሙን እንደማያውቀው ሰው ረግጦት ሊያልፍ ምንም አልቀረውም።

ማልሃና አያቷ ከፊታችን ነበሩ። ማልሃ ከሰባቱ አንዱ ጋ ስትደርስ ቆመች።

«ንና» አለች ቀስ ብላ፣ «አባቴ ነው እኮ። ከፈረንሳይ መጥቷል።»

አያቷ አፏን በእጇ ከደነችና እየገፋች ይዛት ሄደች። ወታደሮቹ ሰሙ አልሰሙ አላውቅም። እኛ ሰማን።

ከዚያ ቀን ጀምሮ ማልሃ ትምህርት ቤት አልመጣችም። ምንጭ ስትወርድ ሴቶቹ እንስራዋን በእግራቸው ገፋ እያደረጉ ከሰልፉ ያስወጧታል፤ እናቴም ስትገፋ አይቻለሁ። ልጆች በስሟ አልጠሯትም፤ «የተናገረችው» ነበር የሚሏት። ሙሴ ቬርኒየ በወሩ ተቀየረ፤ ታሞ ነው አሉን። ጦርነቱ አለቀ፣ ነፃነት መጣ፣ ታጅማዕቱ ጎን የሰባቱ ስም በእብነ በረድ ተቀርጾ ቆመ። ሲመረቅ ንግግር ያደረገው ሲ ሉኒስ ነው፤ እንባው እየወረደ። ማልሃ ከሩቅ፣ ከአንድ ቤት ጥግ ሆና አየች። የአባቷ ስም ከሰባቱ መሐል አለ፤ አበባ አስቀምጪ ያላት ግን የለም። የሚያገባትም አልተገኘ። አያቷ ስትሞት ብቻዋን ቀረች፤ በርኖስ እየሸመነች ለገበያ ትልካለች፤ ገዢዎቹም ማን እንደሠራው አይጠይቁም።

እኔ ተማርኩ። ቲዚ ኡዙ ከተማ የጂኦግራፊ መምህርት ሆንኩ። የአገሬን ተራሮች ከሐጋር እስከ ኦሬስ ልጆችን እፈትናለሁ፤ ለፈተና የማወጣው ጥያቄ ሁሉ ከመጽሐፉ ነው። ከዚያ ውጭ አንድም ቃል ጠይቄ አላውቅም።

ነፃነት ከመጣ ሃያ ዓመት ካለፈ በኋላ፣ በእረፍት መንደር ሳለሁ፣ አንድ መላጣ ፈረንሳዊ በታክሲ መጣ። የክፍላችንን ፎቶግራፍ ይዞ ቤት ለቤት ይጠይቃል። እኔን ሲያይ ፈገግ አለ።

«ፈሩጃ ነሽ። የሞን ብላኗ።»

አስገባሁት፤ አሬራ ቀዳሁለት። ስለ ጤናው፣ ስለ ልጆቹ፣ እዚያም መምህር ሆኖ ስለመኖሩ ነገረኝ። ከዚያ ፎቶግራፉ ላይ ጣቱን አኖረ።

«ያቺ ትንሿስ? አጠገብሽ የምትቀመጠው?»

«አለች።»

«ያን ወረቀት የጻፍኩት እኔ አልነበርኩም።»

«ያነበቡት ግን እርስዎ ነዎት።»

ጆሮው ቀላ። ከሰውየው ያልተለወጠው ጆሮው ብቻ ነው። ኩባያውን በሁለት እጁ ይዞ ሲያሽከረክር ቆየ።

«ፈሩጃ፣ ሻምበሉ ዋሻውን ቀድሞ ያውቀው ነበር» አለኝ። «ከፈተናው በፊት ካርታውን አሳይቶኛል። የጭልፊት ድንጋይ በቀይ ተከቧል፤ መግቢያው ሳይቀር ምልክት አለው። ‹ካወቁት ልጆቹን ለምን ይጠይቃሉ?› አልኩት። ‹ነገሩ ከልጅ አፍ የወጣ እንዲመስል፤ የነገረን ሰው ቤቱ በሰላም እንዲያድር› አለኝ።»

«ማነው የነገራቸው?»

«ባለ ሱቁ።»

ኩባያውን ከእጁ ተቀብዬ አሬራውን ደጅ ወጥቼ ደፋሁት። ስመለስ ቆሞ ጠበቀኝ።

«ይህን ሁሉ ዓመት የት ነበሩ?» አልኩት።

«ይቅርታ ልጠይቃት ነው የመጣሁት።»

«መጠየቁን ይጠይቁ። እስከዛሬ የት ነበሩ ነው ያልኩት።»

እጁን ይዤ ወደ ማልሃ ቤት ወሰድኩት፤ እንደ ሌባ ነው የያዝኩት።

ማልሃ ሽመናዋ ላይ ነበረች። ማን እንደሆነ ስነግራት አልተነሣችም። እሱ እየቆመ እየቀጠለ ሁሉንም ተናገረ፤ እኔ ተረጎምኩላት። ሲ ሉኒስ የሚለው ስም ጋ ስደርስ እጇ ክሩ ላይ ቆመ። «ይቅርታ ይጠይቅሻል» አልኳት በመጨረሻ።

«ይቅርታውን ለራሱ ያድርገው» አለች። «ታጅማዕት ይሂድና ይሄንኑ ይድገመው።»

ሰውየው ስተረጉምለት ሰዓቱን አየ። ታክሲው ከታች እየጠበቀው እንደሆነ ነገረኝ።

«ይጠብቅ» አልኩት።

ከሰዓት በኋላ ነው፤ ሽማግሌዎቹ መደቡ ላይ ተደርድረዋል። ሲ ሉኒስ ከሞተ ሁለት ክረምት አልፎታል፤ ሲቀበር ከአጎራባች መንደር ሳይቀር ሰው መጥቶለታል። ዳ አርዝቂ አርጅቶ፣ ዱላው ላይ አገጩን አስደግፎ ተቀምጧል። ማልሃ ሴት በማይገባበት በዚያ አደባባይ መሐል፣ አባቷ ተጋድሞበት በነበረው ቦታ ቆመች። ፈረንሳዊው ተናገረ። እኔ እያንዳንዷን ቃል ድምፄን ከፍ አድርጌ ተረጎምኩ። ጩኸት ይነሣል፣ ሉኒስ እያለቀሰ ያስመረቀውን እብነ በረድ ሄደው ይሰብራሉ፣ ወደ ሉኒስ ቤት ይሮጣሉ ብዬ ጠብቄ ነበር።

ማንም አልተንቀሳቀሰም። ዳ አርዝቂ በዱላው ጫፍ አቧራውን እየጫረ «እናውቅ ነበር» አለ።

የሰማሁትን ማመን አቃተኝ። «ከመቼ ጀምሮ?»

«ነፃነት በመጣ በዓመቱ ሰማን። ምን እናድርግ፣ ልጄ? ሉኒስ ሰባት ልጅ አለው። ሴቶቹ በየቤታችን ተድረዋል፤ አንዷ የኔ ምራት ናት። እሱን ብንነካ መንደሩ በደም ይፈራርስ ነበር።»

«ወንድምህ እኮ ነው የሞተው፣ ዳ አርዝቂ።»

«ወንድሜ ሞቷል» አለ። «የልጅ ልጆቼ ግን አሉ።»

«ማልሃስ?»

የመለሰችው ራሷ ማልሃ ናት።

«እኔ ማንም አልነበረኝም» አለች። ድምፅዋን ከፍ አላደረገችም። «ሁላችሁም ታውቁ ነበር። እኔ ብቻ አላውቅም። አባቴን የገደልኩት እኔ ነኝ እያልኩ ነው እስከ ዛሬ ጠዋት የኖርኩት።»

ዞር ስል ሴቶቹ በጠባቡ መንገድ አፍ ላይ ተሰብስበዋል። እናቴ ከፊት ነበረች። ዓይን ለዓይን ተያየን፤ ሻርፗን ወደ ግንባሯ ሳበችና መሬቱን አየች። እሷም ታውቅ ነበር። ከዚያ ቀን በኋላ ከእናቴ ጋር ስንበላም ስናወራም የኖርነው ይህ ነገር መሐላችን ተቀምጦ ነው።

ማልሃ ወደ ድንጋዩ መደብ ሄደች። ሴት ተቀምጣበት የማታውቀው መደብ ነው። ከዳ አርዝቂ ጎን ተቀመጠች። እሱ ዱላውን ሰብስቦ ትንሽ ገለል አለላት። ተነሺ ያላት የለም። ይቅር በይን ያላትም የለም። ፈረንሳዊው ወደ ታክሲው ወረደ፤ ፀሐይዋም ዘቀዘቀች። እኔ ፊት ለፊታቸው ቆሜ የእያንዳንዳቸውን ፊት እያየሁ፣ አንዱ እንኳ አፉን እስኪከፍት ጠበቅኩ። ዛሬ ብዙዎቹ ሞተዋል። እስካሁን እየጠበቅኩ ነው።